በሰው ሚዛን ያልመዘነው ሐያሲ፤ ናትሱሜ ሶሴኪና ሥራዎቹ

መጽሐፍ መጻፍ አንድ ሙያ ነው፤ የተጻፈውን መጽሐፍ መርምሮ መልካሙን መልካም፥ ጉድለቱንም ጉድለት ማለት ሌላ ሙያ ነው። ሁለቱ ሙያዎች በአንድ ሰው ላይ የተገናኙ እንደ ሆነ ብዙ ጊዜ አንዱ ሌላውን ይጎዳዋል። ደራሲው ሐያሲውን ሲያሸንፈው ፍርዱ ያደላል፤ ሐያሲው ደራሲውን ሲያሸንፈው ደግሞ ብዕሩ ይደርቃል። ስለዚህ በሁለቱም ሙሉ ሆኖ የተገኘ ሰው በየትኛውም አገር ጥቂት ነው። ከነዚህም ጥቂቶች አንዱ የጃፓን ሰው ናትሱሜ ሶሴኪ ነው።

ሶሴኪ በ1867 ተወልዶ በ1916 ሞተ፤ በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በኤውሮጳ አቆጣጠር ናቸው። በነዚያ 49 ዓመታት ውስጥ ጃፓን ለብዙ ዘመን ዘግታው የኖረችውን በር ከፍታ የኤውሮጳን ጥበብና ሕግ፥ ልብስና መጽሐፍ በችኰላ ትቀበል ነበር። ሶሴኪ ዕድሜውን ሙሉ የመረመረው ጥያቄ የመጣው ከዚሁ ነው። የባዕድን ዕውቀት የተቀበለ ሰው የባዕድንም ፍርድ አብሮ መቀበል ይገባዋልን? ሐያሲው ሶሴኪ ለዚህ ጥያቄ አይገባውም ብሎ መለሰ። ደራሲው ሶሴኪ ግን በገዛ ፍርዱ ብቻ የሚኖር ሰው ምን ዋጋ እንደሚከፍል በልብ ወለድ ታሪኮቹ ቈጠረ። ስለዚህ ልብ ወለዶቹን ብቻ አንብቦ የሐያሲውን ሥራ የተወ ሰው፥ የክርክሩን መነሻ ሳያውቅ ፍርዱን ብቻ እንደ ሰማ ሰው ነው።

የልጅነት ስሙ ኪንኖሱኬ ነበር። የተወለደው በኤዶ ከተማ ነው፤ ይህችም ከተማ በሚቀጥለው ዓመት፥ የሜይጂ ንጉሠ ነገሥት መንግሥት ሲጸና፥ ስሟ ተለውጦ ቶክዮ ተባለች። ወላጆቹ በዕድሜ ገፍተው ልጅም በዝቶባቸው ስለ ነበር ሕፃኑን ለሌላ ሰው ሰጡት። አሳዳጊዎቹ ባልና ሚስት በተፋቱ ጊዜ፥ ዘጠኝ ዓመት ገደማ ሲሆነው፥ ወደ ተወለደበት ቤት ተመለሰ። ነገር ግን ወላጆቹን አያቶቹ ይመስሉት ነበር፤ እነርሱም ስሕተቱን አላረሙለትም። እውነቱን የነገረችው በሌሊት በጨለማ ወደ መኝታው መጥታ ያንሾካሾከችለት አንዲት የቤት ሠራተኛ ናት። ሶሴኪ ይህን ነገር በ1915 በጻፈው የትዝታ መጽሐፍ ውስጥ ያለ ምሬት ተርኮታል። የማን ልጅ እንደ ሆነ ሳያውቅ ያደገ ሰው፥ በኋላ የሚናገረው ቃል የማን እንደ ሆነ አጥብቆ ቢጠይቅ አያስደንቅም።

በወጣትነቱ የወደደው ትምህርት የጥንት የቻይና መጻሕፍትን ነበር። እነዚህ መጻሕፍት በጃፓን ሊቃውንት ዘንድ የነበራቸው ክብር ግእዝ በአማርኛ ተናጋሪዎች ሊቃውንት ዘንድ ካለው ክብር ጋር የሚቀራረብ ነው። ምሥጢርና ምሳሌ፥ ግጥምና ጥበብ ሁሉ በነርሱ ይነገር ነበር። «ሶሴኪ» የሚለውንም የብዕር ስም ያገኘው ከአንድ የቻይና ተረት ነው። አንድ ሰው ከዓለም ርቄ በገጠር ድንጋይ ተንተርሼ፥ በወንዝ ውሃ ተጉመጥምጬ እኖራለሁ ሊል ሲፈልግ ቃሉ ተገለባበጠበትና በድንጋይ ተጉመጥምጬ፥ ወንዝ ተንተርሼ እኖራለሁ አለ። ስሕተቱን በነገሩት ጊዜም ድንጋዩ ጥርሴን ሊያጠራልኝ፥ ወንዙም ጆሮዬን ሊያጥብልኝ ነው ብሎ ተከራከረ እንጂ ስሕተቱን አላመነም። ሶሴኪ ማለት እንግዲህ በድንጋይ መጉመጥመጥ ማለት ነው። ይህን ስም በ1889 ሲይዝ በራሱ ግትርነት ላይ እየቀለደ ነበር፤ ሥራዎቹን ያነበበ ግን ስሙ እንደ ትንቢት የሚሆንበትን ስፍራ ብዙ ጊዜ ያገኛል።

ዘመኑ የኤውሮጳን ትምህርት የሚጠይቅ ስለ ሆነ በቶክዮ የንጉሠ ነገሥት ዩኒቨርሲቲ የእንግሊዝን ሥነ ጽሑፍ አጥንቶ በ1893 ጨረሰ። ሲጨርስም ደስታ ሳይሆን ጥርጣሬ ያዘው። የቻይናን ግጥም ሲያነብ ነገሩ ወደ ልቡ ይገባ ነበር፤ የእንግሊዝን ግጥም ሲያነብ ግን ቃሉን እያወቀ ልቡ ዝም ይል ነበር። ሁለቱም «ሥነ ጽሑፍ» በሚል አንድ ስም ሲጠሩ፥ ስሙ አንድ ሆኖ ነገሩ ሁለት እንደ ሆነ ተሰማው። በዚህ ጥርጣሬ ውስጥ ሆኖ በማትሱያማ በአንድ መካከለኛ ትምህርት ቤት፥ ቀጥሎም በኩማሞቶ ከተማ አስተማረ፤ በ1896ም አገባ።

በ1900 የጃፓን መንግሥት ሶሴኪን ለሁለት ዓመት ወደ እንግሊዝ አገር ላከው። ትእዛዙ የእንግሊዝን ሥነ ጽሑፍ ሳይሆን የእንግሊዝኛን ቋንቋ እንዲያጠና የሚል ነበር። የተሰጠው ገንዘብ ለሎንዶን ኑሮ የማይበቃ ስለ ሆነ በታላላቆቹ ዩኒቨርሲቲዎች ከባለጠጋ ልጆች ጋር ለመማር አልቻለም። በሎንዶን ዩኒቨርሲቲ ጥቂት ወራት ትምህርት ከሰማ በኋላ ያን ትቶ ክሬግ ከሚባል የሼክስፒርን ሥራዎች ከሚመረምር ሊቅ ዘንድ በሳምንት አንድ ቀን እየሄደ ተማረ። ከቤት ወደ ቤት፥ ከሰፈር ወደ ሰፈር አምስት ጊዜ እየተዛወረ በኪራይ ክፍል ኖረ። የቀረውን ገንዘብ ሁሉ መጽሐፍ ገዛበት። ሰው አይጠይቀውም፥ እርሱም ሰው አይጠይቅም ነበር። በ1902 ብቸኝነቱ እጅግ ስለ ከፋ በቶክዮ አብዷል የሚል ወሬ ተሰማ። በዚያው ዓመት የቅርብ ወዳጁ ባለቅኔው ማሳኦካ ሺኪ በጃፓን ሞተ፤ ሶሴኪም መርዶውን የሰማው በባዕድ አገር ነው።

ይሁን እንጂ ሶሴኪን ሐያሲ ያደረገችው ይህች የመከራ ክፍል ናት። እስከዚያ ጊዜ ድረስ የእንግሊዝ ሐያሲ ይህ ግጥም ድንቅ ነው ሲል እርሱም ድንቅ ነው ይል ነበር፤ ድንቅነቱ ለራሱ ሳይሰማው ድንቅ ማለቱ ግን ውሸት እንደ ሆነ ያን ጊዜ ተገለጠለት። ያገሬው ሐያሲ የሚፈርደው በልጅነቱ ከጠጣው ወተት፥ ከሰማው ዘፈን፥ ከአባቶቹ ልማድ ተነሥቶ ነው፤ ጃፓናዊው ግን ያን ሁሉ ሳይይዝ ፍርዱን ብቻ ይዋሳል። በሰው ወርቅ አይደምቁ የሚለው ያማርኛ ምሳሌ የሚናገረው ይህንኑ ነው። ስለዚህ ሶሴኪ «ራስን መነሻ ማድረግ» የሚል ትርጓሜ ያላቸውን አራት የቻይና ፊደላት ለራሱ መመሪያ አድርጎ ያዘ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ጭንቀቱ እንደ ቀለለለትም በኋላ ተናግሯል።

ራስን መነሻ ማድረግ ግን በዘፈቀደ መፍረድ ማለት አልነበረም። ሶሴኪ በ1901 ኢኬዳ ኪኩናኤ ከሚባል የኬሚስትሪ ሊቅ ጋር በሎንዶን ጥቂት ጊዜ አብሮ ተቀምጦ ነበር። ይህ ሰው በ1908 ከባሕር ሣር ውስጥ ለምግብ ጣዕም የሚሰጠውን ቅመም ለይቶ ያወጣ ነው። ከርሱ ጋር ባደረገው ጭውውት ሶሴኪ ሥነ ጽሑፍም እንደ ተፈጥሮ ዕውቀት ከሥሩ ሊመረመር እንደሚችል አሰበ። ሥነ ጽሑፍ ምንድር ነው ብሎ ለመጠየቅ የሥነ ጽሑፍን መጽሐፍ ማንበብ ደምን በደም እንደ ማጠብ ሆኖ ስለ ታየው፥ የልብ ወለድ መጻሕፍቱን በሣጥን ከቶ የሥነ ልቡናና የማኅበራዊ ኑሮ መጻሕፍትን እያነበበ ማስታወሻ በማስታወሻ ላይ ከመረ።

ከዚህ ድካም የወጣው «የሥነ ጽሑፍ መሠረተ ሐሳብ» የሚባለው በ1907 የታተመው መጽሐፍ ነው። ፍሬ ነገሩ እንዲህ ነው። በሰው አእምሮ ፊት አንድ ነገር ይቆማል፤ ከዚያም ነገር ጋር አንድ ስሜት ይመጣል፤ ሥነ ጽሑፍ የሁለቱ ድምር ነው። የሦስት ማዕዘን ሕግ ሐሳብ ነው፥ ስሜት ግን የለውም፤ ምክንያቱ ያልታወቀ ፍርሃት ስሜት ነው፥ የተያያዘበት ሐሳብ ግን የለም። ሁለቱም ለብቻቸው ሥነ ጽሑፍ አይሆኑም። ይህ ሒሳብ መሰል አነጋገር ደረቅ ቢመስልም ትልቅ ጥቅም ነበረው። ስሜት ከዘመን ዘመን፥ ከሕዝብ ሕዝብ የሚለዋወጥ ከሆነ፥ በአንድ ሕዝብ ልብ ድንቅ የሆነው ነገር በሌላው ልብ ዝም ቢል ሁለተኛው ሕዝብ አላዋቂ ነው ማለት አይደለም። ሶሴኪ በተማሪነቱ የተሰማውን እፍረት በዚህ መጽሐፍ ወደ ዕውቀት ለወጠው።

መጽሐፉ ጉድለት አለው። ምሳሌዎቹ ከመጠን በላይ በዝተው አንባቢውን ያደክማሉ፤ ክፍፍሉም አንዳንድ ጊዜ ለክፍፍሉ ሲባል ብቻ የተደረገ ነው። ሶሴኪ ራሱ በኋላ ዘመን በዚህ ሥራው ላይ ከሰው ሁሉ ይልቅ የከበደ ፍርድ ፈረደበት፤ ያልተሳካ ሥራም መሆኑን ተናገረ። በ1909 የታተመው ስለ ዐሥራ ስምንተኛው መቶ ዓመት የእንግሊዝ ደራስያን የሚናገረው መጽሐፉ ግን የበለጠ ሕይወት አለው። በተለይ ስለ ስዊፍት የጻፈው ክፍል፥ ሳቅ ውስጥ የተደበቀ ቍጣ ምን እንደ ሆነ የሚያውቅ ሰው የጻፈው መሆኑ ይታያል።

እነዚህ ሁለት መጻሕፍት ከመታተማቸው በፊት በቃል የተሰጡ ትምህርቶች ነበሩ። ሶሴኪ በ1903 ወደ አገሩ ተመልሶ በተማረበት ዩኒቨርሲቲ የላፍካዲዮ ኸርንን ወንበር ወረሰ። ኸርን በጃፓን ስሙ ኮይዙሚ ያኩሞ የሚባል፥ ተማሪዎቹ እጅግ የሚወድዱት ሰው ስለ ነበር መነሣቱን ተቃወሙ፤ የአዲሱንም መምህር ምርመራ ቀዝቃዛ ነው ብለው አጕረመረሙ። ቈይቶ የሼክስፒርን ድርሰቶች በተረጐመላቸው ጊዜ ግን አዳራሹ ይሞላ ጀመር። በነዚያ ዓመታት ሕመምና ቍጣ አላስቀምጥ ብሎት ነበር፤ ወዳጁ ታካሃማ ኪዮሺ ለሚያዘጋጀው መጽሔት አንድ ነገር እንዲጽፍ የለመነውም በዚህ ጊዜ ነው።

እንዲህ ሆኖ በ1905 «እኔ ድመት ነኝ» የሚለው ድርሰት ወጣ። ለአንድ ጊዜ ብቻ የታሰበው ጽሑፍ በአንባቢዎች ስለ ተወደደ እስከ 1906 ድረስ ዐሥራ አንድ ክፍል ሆነ። ተራኪው ስም ያልወጣለት ድመት ነው። ጌታው ሆዱን የሚያመው፥ ሁሉን ጀምሮ አንዱንም የማይፈጽም መምህር ነው፤ ወዳጆቹም ተሰብስበው ያላነበቡትን መጽሐፍ እየጠቀሱ ይመጻደቃሉ። ብዙ ሰው ይህን መጽሐፍ እንደ ቀልድ ብቻ ይቈጥረዋል። ይሁን እንጂ ድመቱ የሐያሲው ምስል ነው። መምህር የለውም፥ ማዕርግ የለውም፥ የማንንም ምስክርነት አይጠቅስም፤ ያየውን ብቻ በገዛ ዓይኑ አይቶ ይፈርዳል። በመጨረሻ ግን የሰውን ቢራ ቀምሶ ሰክሮ ከውሃ ጋን ውስጥ ወድቆ ይሞታል። ብቻውን የሚፈርድ ዳኛ መጨረሻው ምን እንደ ሆነ ሶሴኪ ገና በመጀመሪያው መጽሐፉ እየሳቀ ተናገረ። በ1906 ደግሞ የማትሱያማን የመምህርነት ኑሮ መነሻ ያደረገውን «ቦቻን» የተባለውን አጭርና ፈጣን ታሪክ ጻፈ፤ ይህም እስከ ዛሬ በጃፓን ወጣቶች የሚነበብ ነው።

በ1907 ሶሴኪ አገሩን ያስደነገጠ ነገር አደረገ። የዩኒቨርሲቲውን ወንበር ትቶ «አሳሂ» ለሚባለው ጋዜጣ ልብ ወለድ ጸሐፊ ሆኖ ተቀጠረ። በዚያ ዘመን የመምህርነት ክብር ከፍ ያለ፥ የጋዜጣ ጸሐፊ ስም ግን ዝቅ ያለ ነበር። እርሱ ግን ሁለቱም ሰው እንጀራ የሚበላባቸው ሥራዎች መሆናቸውን ያለ እፍረት አስታወቀ። ከዚያ በኋላ ታላላቅ ሥራዎቹ ሁሉ በዚህ ጋዜጣ ዕለት ዕለት እየታተሙ ወጡ። በ1911 ደግሞ መንግሥት የሥነ ጽሑፍ ዶክተርነት ማዕርግ ሲሰጠው አልቀበልም አለ። ሚኒስቴሩ የተሰጠ ማዕርግ አይመለስም ቢለው እርሱም ያልተቀበልኩት ማዕርግ የኔ አይደለም በሚል አቋሙ ጸና። ነገሩ ትዕቢት የሚመስለው ሰው ይኖራል፤ ነገር ግን የአንድን ጸሐፊ ዋጋ ሥራው እንጂ የሹመት ወረቀት አይወስነውም ብሎ ያስተማረ ሐያሲ ሌላ መንገድ አልነበረውም።

በዚያው ዓመት በነሐሴ ወር በዋካያማ ከተማ ስለ ጃፓን ሥልጣኔ የተናገረው ንግግር ከሥራዎቹ ሁሉ ለኢትዮጵያ አንባቢ የቀረበው ነው። ሥልጣኔ ሁለት ዓይነት ነው አለ። አንደኛው አበባ ከእምቡጡ እንደሚፈነዳ ከውስጥ የሚወጣ ነው፤ ሁለተኛው ከውጭ በመጣ ኃይል ተገፍቶ የሚሄድ ነው። የኤውሮጳ ሕዝቦች በረዥም ዘመን የተጓዙትን መንገድ ጃፓን በጥቂት ዓመታት ልትሮጠው ስለ ተገደደች፥ አንዱን ማዕድ ሳትቀምስ ሌላው ይቀርብላታል። እንዲህ ያለ ሕዝብ ውጭው ሲያምር ውስጡ ይደክማል፤ ይህንም ደስታ ብሎ መጥራት ራስን ማታለል ነው። መድኃኒቱን ግን አልሰጠም፤ የለኝም ብሎ በግልጥ ተናገረ።

ከዚህ ንግግር ሃያ ዓመት በኋላ፥ በ1931፥ ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ የኢትዮጵያ መልእክተኛ ሆነው ጃፓንን ጐበኙ፤ ስላዩትም ነገር «ማኅደረ ብርሃን ሀገረ ጃፓን» የተባለውን መጽሐፍ ጻፉ። በዚያው ዓመት የወጣው የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት የጃፓንን የ1889 ሕገ መንግሥት አርአያ ማድረጉም የታወቀ ነው። በዚያ ጊዜ ከነበሩት የተማሩ ኢትዮጵያውያን ብዙዎቹ ጃፓንን የኤውሮጳን ጥበብ ወስዳ ራሷን ያልጣለች አገር አድርገው ይመለከቷት ነበር። ተስፋቸው የሚነቀፍ አይደለም። ነገር ግን ከውጭ ያለ ሰው መርከቡንና ፋብሪካውን ሲያይ፥ ከውስጥ ያለው ሶሴኪ ቀድሞ የልቡን ድካም አይቶ ነበር። አርአያ የሚሻ ሕዝብ የአርአያውን ሐያስያንም ማንበብ እንደሚገባው ከዚህ ይታወቃል።

የውስጡ ድካም ምን እንደ ሆነ የሚታየው በልብ ወለዶቹ ነው። በ1909 በጻፈው «ከዚያ በኋላ» በሚለው ታሪክ ዳይሱኬ የተባለ የተማረ ሰው በአባቱ ገንዘብ እየኖረ በሁሉ ላይ ይፈርዳል፤ ቀድሞ ለወዳጁ አሳልፎ የሰጣትን ሴት እንደሚወድ ባወቀ ጊዜ ግን ፍርዱ እንጀራውን ያሳጣዋል። በ1910 የወጣው «በሩ» የተባለው ታሪክ ደግሞ የወዳጁን ሚስት ወስዶ ያገባ ሰው ከርስዋ ጋር በጸጥታና በጸጸት ሲኖር ያሳያል። ሰውዬው ሰላም ሽቶ ወደ አንድ የቡድሃ ገዳም ይሄዳል፤ ዐሥር ቀን ተቀምጦም በሩ ሳይከፈትለት ይመለሳል። ሶሴኪ ራሱ በ1894 መጨረሻ በካማኩራ ገዳም ተቀምጦ እንደዚሁ ባዶ እጁን ተመልሶ ነበር። ለማመን የሚፈልግና ማመን የማይችል ሰው ኀዘን እንዲህ ያለ ፌዝና እንዲህ ያለ ስብከት ሳይገባበት የተጻፈበት መጽሐፍ ጥቂት ነው። ይህን መጽሐፍ በፈጸመ በጥቂት ወራት፥ በነሐሴ 1910፥ የሆዱ ቍስል ተነሥቶበት ብዙ ደም ተፍቶ ለሞት ተቃረበ። ከዚያ በኋላ የጻፋቸው ሥራዎች ሞትን ካየ ሰው የወጡ ናቸው።

ከሁሉ የታወቀው በ1914 የወጣው «ኮኮሮ» ነው፤ ትርጓሜውም ልብ ማለት ነው። አማርኛ እንዲህ ያለውን ድርሰት ልብ ወለድ ብሎ ስለሚጠራ ስሙ ለአማርኛ አንባቢ እጥፍ ትርጕም አለው። አንድ ወጣት «መምህር» ብሎ የሚጠራውን፥ ሥራ የሌለውን፥ ከሰው የራቀ አዋቂ ይወዳጃል። የመምህሩ ምሥጢር የሚታወቀው በመጨረሻ በላከው ረዥም ደብዳቤ ነው። መምህሩ በወጣትነቱ አጎቱ የአባቱን ርስት ስለ ከዳው ሰውን ሁሉ ንቆ ኖረ። ቈይቶ ግን አብሮት የሚኖረው ወዳጁ ያከራየቻቸውን ሴት ልጅ እንደሚወዳት ምሥጢሩን በነገረው ጊዜ፥ እርሱም ይወዳት ነበርና ለወዳጁ ሳይነግር ቀድሞ ከእናቷ ጠይቆ አገኛት። ወዳጁ ነገሩን ሰምቶ ምንም ሳይናገር ራሱን ገደለ። ከዚያ ቀን ጀምሮ መምህሩ በአጎቱ ላይ የፈረደው ፍርድ በራሱ ላይ ተመለሰበት። በ1912 የሜይጂ ንጉሠ ነገሥት ሞተው፥ በቀብራቸውም ቀን ጄኔራል ኖጊ ራሳቸውን ሲገድሉ፥ እርሱም በዘመኑ ፍጻሜ ራሱን ለመግደል ይቈርጣል።

ይህ መጽሐፍ የሐያሲው ትምህርት የተፈተነበት ስፍራ ነው። በገዛ ፍርዱ የሚቆም ሰው ስሕተት ሲሠራ በማን ፊት ይቆማል? መምህሩ ኃጢአቱን ያውቃል፤ የሚናዘዝለት ግን የለውም፤ ይቅር የሚለውም ሞቷል። ዳኛውም ተከሳሹም እርሱ ራሱ ስለ ሆነ ምሕረት ከየትም አይመጣለትም። ሶሴኪ ይህን የተናገረው የሃይማኖት ሰው ሆኖ አይደለም፤ ነገር ግን ንስሐ ምን እንደ ሆነ የሚያስተምር ሰው ንስሐ የሌለበት ጸጸት ምን እንደሚመስል ከዚህ መጽሐፍ አጥርቶ ሊያይ ይችላል።

ይሁንና በመጽሐፉ አንድ የሚያስቀይም ነገር አለ። መምህሩ ምሥጢሩን ለማያውቀው ወጣት ሲገልጥ ለገዛ ሚስቱ ግን ይሸሽጋታል፤ ከሞተም በኋላ እንዳትሰማው ያዝዛል። ይህን የሚያደርገው ንጽሕናዋን ለመጠበቅ እንደ ሆነ ይናገራል፤ ደራሲውም ተከራክሮ አያቆመውም። ሴትዮዋ በሕይወትዋ ሙሉ የባሏን ኀዘን ምክንያት ሳታውቅ ትቀራለች። ስለ ራስ ፍርድ አጥብቆ የተናገረ ደራሲ ለርስዋ የመፍረጃ ስፍራ አልሰጣትም። ሶሴኪ ይህን ጉድለት ሳያየው የቀረ አይመስልም። በ1915 የራሱን ትዳርና ወደ ቤቱ ገንዘብ ሊለምን የተመለሰውን አሳዳጊ አባቱን መነሻ አድርጎ በጻፈው «የመንገድ ዳር ሣር» ውስጥ፥ ከባዕድ አገር የተመለሰው ምሁር ኬንዞና ሚስቱ ሲጣሉ ብዙ ጊዜ እውነቱ ከሚስቱ ጋር ነው። በመጨረሻው «ብርሃንና ጨለማ» ደግሞ የሴቲቱ ልብ እንደ ባሏ ልብ ተመርምሮ ይታያል።

ሌላው ጉድለቱ ከዚህ የከበደ ነው። በ1909 የደቡብ ማንቹሪያ የባቡር ሐዲድ ኩባንያ አለቃ የነበረው የትምህርት ቤት ወዳጁ ናካሙራ ዜኮ ጋብዞት ማንቹሪያንና ኮሪያን ጐበኘ፤ የጉዞውንም ታሪክ በጋዜጣው አሳተመ። በዚህ ጽሑፍ የቻይና የቀን ሠራተኞችን በንቀት ቃል ጠርቷቸዋል፤ ኩባንያው በዚያ አገር ምን እንደሚሠራም ሳይጠይቅ አልፏል። ኮሪያ በሚቀጥለው ዓመት በጃፓን ግዛት ሥር ወደቀች። በሎንዶን ጎዳና የባዕድን ዓይን ንቀት የቀመሰ ሰው፥ በባዕድ ምድር እንደ ባለ ሥልጣን እንግዳ በተቀመጠ ጊዜ ያን ንቀት በሌሎች ላይ መልሶ አዞረው። በቻይና መጻሕፍት ያደገ መሆኑ ነቀፋውን ያብሰዋል እንጂ አያቀልለውም።

የሚያስገርመው፥ ሶሴኪ የሚወቀስበትን ሕግ ራሱ ጽፎ መተዉ ነው። በኅዳር 1914 በመኳንንት ልጆች ትምህርት ቤት ስለ ግለሰብነት ሲናገር ሦስት ነገር አሳሰበ። የራሱን ነጻ ፍርድ የሚሻ ሰው የሌላውን ነጻ ፍርድ ያክብር፤ ሥልጣን ያለው ከሥልጣኑ ጋር ያለውን ግዴታ ይወቅ፤ ገንዘብ ያለውም ከገንዘቡ ጋር ያለውን ኃላፊነት ይወቅ። በ1909 የጻፈው የጉዞ ታሪክ በዚህ ሚዛን ቢመዘን ይጐድላል። ነገር ግን ሚዛኑን የሠራው እርሱ ነው፤ አንድ ሐያሲ ለኋለኞቹ ሊተው የሚችለው ከሁሉ የሚበልጥ ርስትም በራሱ ላይ ሊፈርዱበት የሚችሉበት ሚዛን ነው።

በመጨረሻ ወራቱ ጠዋት ጠዋት «ብርሃንና ጨለማን» ይጽፍ፥ ከቀትር በኋላ ደግሞ በቻይንኛ ግጥም ይገጥም ነበር። የልጅነቱ ትምህርት በዕድሜው መጨረሻ ማረፊያ ሆነው። ልብ ወለዱ 188 ክፍል ደርሶ ሳይፈጸም በታኅሣሥ 9 ቀን 1916 ሞተ። በየሳምንቱ ሐሙስ በቤቱ ይሰበሰቡ ከነበሩት ወጣቶች ብዙዎቹ ኋላ የታወቁ ጸሐፊዎች ሆነዋል፤ ከነርሱም አንዱ አኩታጋዋ ሪዩኖሱኬ ነው። ሶሴኪ በሞተበት ዓመት ይህ ወጣት የጻፈውን «አፍንጫ» የተባለ አጭር ታሪክ አንብቦ ራሱ ደብዳቤ ጽፎ አበረታታው። ከ1984 እስከ 2004 ድረስ በወጣው የጃፓን የአንድ ሺህ የን ወረቀት ላይ የተሣለው የሶሴኪ መልክ ነበር። የመንግሥትን ማዕርግ አልቀበልም ያለ ሰው መልኩ በመንግሥት ገንዘብ ላይ መታተሙ እርሱን ሳያስቀው የሚቀር አልነበረም።

ለኢትዮጵያ ሥነ ጽሑፍ ከዚህ ሰው ታሪክ ምን ይገኛል? ነጋድራስ አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ «ልብ ወለድ ታሪክን» በሮማ ያሳተሙት በ1908 ነው፤ ይህም ሶሴኪ በጋዜጣው በትጋት ይጽፍበት የነበረ ዘመን ነው። ብላቴን ጌታ ኅሩይም በ«አዲስ ዓለም» ውስጥ ከፓሪስ ትምህርቱን ጨርሶ የተመለሰውን አወቀን ከወገኖቹ ልማድ ጋር አጋጭተውታል። የአወቀ ክርክር ከዘመዶቹ ጋር ነው፤ የኬንዞ ክርክር ደግሞ ከገዛ ልቡ ጋር ነው። ሁለቱ ክርክሮች ተደጋጋፊዎች ናቸው እንጂ አንዱ ሌላውን አይተካውም። የአማርኛን ልብ ወለድ የሚመረምር ሐያሲም የሚመዝንበትን ሚዛን ከኤውሮጳ ብቻ ከተዋሰ፥ ሶሴኪ በሎንዶን ክፍሉ የተሰማው እፍረት ይደርስበታል።

የራስን ሚዛን መሥራት ግን በዚህ አገር ያልነበረ ነገር አይደለም። በቅኔ ቤት ተማሪ የሚመሰገነው መምህሩ የተቀኘውን በመድገም ሳይሆን ከመምህሩ ሕጉን ተቀብሎ የራሱን አዲስ ቅኔ በመዝረፍ ነው። የተቀኘውም በጉባኤ ፊት ይነገራል፥ ይመረመራል፥ ይታረማል። ሶሴኪ ከብዙ መከራ በኋላ ያገኘው የመጀመሪያው እውነት በዚህ ሥርዓት ውስጥ አለ፤ ሕግ ከሌላ ይወሰዳል፥ ቃልና ፍርድ ግን የራስ መሆን አለበት። ሁለተኛውም አለ፤ የራስ የሆነው ፍርድ ወደ ጉባኤ ወጥቶ ሊታረም ይገባዋል። የ«ኮኮሮ» መምህር ያጣው ይህን ጉባኤ ነው።